መድኃኒት ያልነካው እንጆሪ

ወርቅነሽ እንጆሪዋን መድኃኒት ስትረጭ ፀሐይ ገና አልወጣችም። የግቢውን በር ቀርቅራ፣ ነጠላዋን በአፏና በአፍንጫዋ ላይ ጠምጥማ፣ ክዳኑን በመርፌ የበሳሳችውን ባለ ሁለት ሊትር ሃይላንድ እየጨመቀች ከመደብ መደብ ጎንበስ ብላ ትሄዳለች። ኮሽ ባለ ቁጥር ዞር ብላ የመኝታ ቤቱን መስኮት ታያለች። ላያት ሰው ሌባ ነው የምትመስለው፤ በገዛ ጓሮዋ!

ለምን ተደበቀች ብትሉኝ፣ ጥፋቱ የአፏ ነው። አቃቂ በሰቃ ውስጥ እሷን የማያውቅ የለም። ከክር ፋብሪካው ጡረታ ከወጣች ይኸው ዘጠኝ ዓመቷ፤ ያን ሁሉ ዓመት ከቤቷ ጀርባ ያለችውን ቁራጭ መሬት በእንጆሪ ሞልታዋለች። ፍሬው አፈር እንዳይነካው ከሥሩ የጤፍ ጭድ ትጎዘጉዛለች። ወፍ እንዳይለቅመው አሮጌ አጎበር ትዘረጋበታለች። ሐረጉ እየተሳበ ሥር ሲሰድ እየቆረጠች፣ በቆርቆሮ እየተከለች ለጎረቤት ታድላለች። ይህ ሁሉ ደግ። ማውራት ግን ትወዳለች። "የእኔ እንጆሪ መድኃኒት አያውቅም! ከላዩ ላይ ቀጥፋችሁ ሳታጥቡ ጉረሱት!" ትላለች፣ አፏን ሞልታ። ገበያ ላይ እንጆሪ የምትሸጥ አንዲትን ሴት "መርዝ ነው የምታበይን" ብላ እንባ በእንባ አድርጋት ታውቃለች። ሰውም አመናት። ከወርቅነሽ ጓሮ የወጣ እንጆሪ ሳይታጠብ ነው የሚበላው።

ዘንድሮ በጥር ታዲያ ክሽክሹ መጣ። ከሰሊጥ ፍሬ የማትበልጥ አረንጓዴ ተባይ ናት፤ ከቅጠሉ ሥር ተለጥፋ ስትመጠው ቅጠሉ ይኮማተራል። ወርቅነሽ አመድ ነሰነሰች። የሳሙና ውኃ ረጨች። ነጭ ሽንኩርትና ሚጥሚጣ ዘፍዝፋ ሞከረች፤ የገዛ ዓይኗን ሁለት ቀን አቃጠላት እንጂ ክሽክሹን ምንም አላለውም። ቢቸግራት ወደ ኦላና ሄደች። ኦላና የአካባቢው የድሮ ገበሬዎች ልጅ ነው፤ ከከተማው ጫፍ በቀረችው መሬት ሽንኩርት ያለማል። እሱም ከትልቁ ዕቃ በሽሮፕ ብልቃጥ ቀንሶ ሰጣት። ብልቃጡ ላይ ስም የለ፣ ጽሑፍ የለ።

"አንድ ቆርኪ ለሃያ ሊትር ጀሪካን ነው፣ እትዬ" አላት። "ከዚያ በላይ እንዳይጨምሩ። ከረጩ በኋላ ደግሞ አሥራ አራት ቀን ማንም አይቅመሰው። ይሄ ነገር ቀልድ አያውቅም።"

ሰማች? ሰምታለች። ግን ውኃ በፈረቃ በሚመጣበት ሰፈር ለሃያ ሊትሩ ውኃ ሳሳች፣ ለተባዩ ደግሞ ጨከነች። በሁለት ሊትሩ ላይ ሦስት ቆርኪ ጨመረችበት። በዛ አይልም እንዴ ሰው! የበሰለውን ፍሬ ረጭታ እንደጨረሰች ለቅማ ልትቀብረው አስባ ነበር፤ ሆኖም አምባው ከውስጥ ሲያስል ሰማች። ብልቃጡን ከማገዶው ሥር ወሸቀች፣ እጇን በሳሙና ታጠበች፣ ፍሬውን "ኋላ እሱ ሲወጣ" ብላ ተወችው።

አምባው ባሏ ነው፤ ባቡር ጥገና ውስጥ ያረጀ፣ ደግ ሰው። ሚስጥር ግን አይዝም። ዛሬ ቢያውቅ ማታውን ዕድሩ በሙሉ ያውቀዋል። ደግሞ አንድ የድሮ ሰው ልማድ አለው፤ ለሰው የሚሰጠውን ሳይቀምስ አይሰጥም። ጠላ ከሆነ በመዳፉ አንጠባጥቦ፣ ዳቦ ከሆነ ከጫፉ ቆርሶ፣ በተቀባዩ ፊት ይቀምሳል። እናቱ ያሳደገችው እንዲያ ነው። ወርቅነሽ ሁልጊዜ ትስቅበታለች። "አንተ ሆዳም፣ የእኔ ጓሮ ቀማሽ አያስፈልገውም!"

ሁለት ሰዓት ላይ በሩ ተንኳኳ። ሳምራ ናት፤ አጥር የምትጋራቸው ጎረቤታቸው። ስድስተኛ ወሯን ይዛለች። ከዚህ በፊት ሁለት ጊዜ ጽንስ ወርዶባታል፤ ሁለቱንም ጊዜ ደግፋ ሐኪም ቤት የወሰደቻት ወርቅነሽ ራሷ ነበረች። የዚህ የሦስተኛው ነገር ሲነሳ ሰፈሩ ሁሉ ድምፁን ዝቅ ያደርጋል።

"እማማ ወርቄ" አለች ሳምራ፣ እያፈረች። "ሥራ ልሄድ ስል በአጥሩ ቀዳዳ እንጆሪዎ ቀልቶ አየሁና እግሬ አልሄድ አለኝ። በጣም አማረኝ።"

ወርቅነሽ ክው አለች።

እርጉዝ አማረኝ ብላ ስትመጣ ሰው ከአፉ አውጥቶ ይሰጣል። አምሮቷን ካላገኘች ልጁ ላይ ምልክት ይወጣል የሚሉ አሉ። ከዚያ የከፋም የሚሉ አሉ፤ ሁለት የወረደባት ሴት ፊት ግን ያንን የከፋውን ማንም ደፍሮ አይናገረውም።

"አልበሰለም፣ ልጄ" አለች ወርቅነሽ።

"ያኛውስ?" ሳምራ በአጎበሩ ውስጥ የአውራ ጣት የሚያህለውን አሳየቻት። ፍም መስሏል።

"እሱም ውስጡ ጥሬ ነው።"

"ጥሬውም ይሁን። አንድ ብቻ፣ እማማ። ለአምሮቴ።" እጇን ወደ አጎበሩ ሰደደች።

ወርቅነሽ እጇን መታቻት። አዎ፣ የእርጉዝ ሴት እጅ፣ ጧ አድርጋ። "ተይ አልኩሽ!" ብላ ጮኸችባትም።

አንድ ቃል እኮ ነበር። "ዛሬ ረጭቼዋለሁ፣ ልጄ" ማለት ነበር። ምላሷ ጫፍ ደርሶ ነበር። ነገር ግን ዘጠኝ ዓመት የደነፋችው ሁሉ ጉሮሮዋ ላይ ተደቅኖ አላሳልፍ አለው። ኩራት ነው፤ ሌላ ስም አልፈልግለትም። ሳምራ የተመታውን እጇን በሌላው እጇ ይዛ ትንሽ ቆመች። ዓይኗ እንባ አቀረረ። ከዚያ ወጣች።

አምባው መፋቂያውን እንደያዘ የቤቱ ደጃፍ ላይ ቆሞ ሁሉንም አይቷል።

"ለሳምራ? ወርቄ፣ ለሳምራ?"

"አያገባህም!"

"የሰው ልጅ በሆዷ ይዛ ለምናሽ..."

"አያገባህም አልኩህ። ጓሮውንም እንዳትነካ!" ንጹሕ ነጠላ ከልብስ ማስጫው ገመድ ላይ መንጭቃ፣ ቀይራ ወጣች። ሳሪስ ድረስ ሄዳ ሌላ እንጆሪ ገዝታ ለሳምራ ልትወስድላት ወስናለች። አራት ሰዓት ሳይሞላ ትመለሳለች፣ የተረጨውን ትቀብረዋለች፣ በቃ፣ ያልቃል። እንዲህ ነበር ሐሳቧ።

ሳሪስ ሦስት ፍራፍሬ ቤት ገብታ አጣች። አራተኛው ጋ አንዲት ካርቶን ተገኘች። "መድኃኒት ነክቶታል?" ብላ ጠየቀች፣ በልማዷ። ሻጯ ቀና ብላ አየቻትና "ከተረጨ ሦስት ሳምንት አልፎታል፣ እናቴ። ቢሆንም ደህና አድርገው አጥበው ይብሉት" አለቻት። ወርቅነሽ ከፍላ ወጣች።

ቤቷ ስትደርስ አምስት ሰዓት ሊሆን ነው። ቀጥታ ወደ ጓሮ ዞረች። አጎበሩ ተገልጧል። ከመደቡ ላይ አንድም ቀይ ፍሬ የለም፤ አረንጓዴውና ነጩ ብቻ ቀርቷል። ቤት ገባች፤ ከዕቃ መደርደሪያው ላይ ለእንግዳ የምታወጣው ሰማያዊ ሳህን ጎድሏል።

"አምባው!" አለች። "አምባው!"

መልስ የለም። የእጅ ስልኩ ጠረጴዛው ላይ ቻርጅ ተሰክቷል። ሰውየው ስልክ ይዞ ወጥቶ አያውቅም። የት እንደሄደ ግን ማንም እንዲነግራት አላስፈለጋትም። ለሳምራ ነው የወሰደላት። የገዛችው ካርቶን ከእጇ ወድቆ ፍሬው መሬት ላይ ተበተነ፤ ዞራም አላየችው።

ሳምራ ጋ ደወለች። ይጠራል፣ አይነሳም። ደግማ ደወለች። ሳምራ የምትሠራው ቃሊቲ ማረሚያ ቤት አካባቢ ነው፤ እስረኛ ጠያቂዎች ስልክ ይዘው ስለማይገቡ የእነሱን ስልክና ቦርሳ በቁጥር እየተቀበለች የምታስቀምጥበት ትንሽ ኪዮስክ አላት። ሳጥኗ ውስጥ ሃያ ሠላሳ ስልክ ሲጮህ ይውላል። የራሷም ከእነሱ ጋር ሲጮህ ማን ይለየዋል?

ወርቅነሽ አስፋልቱ ድረስ ሮጠች። በዚያ ጉልበት! ባጃጅ አስቆመችና "ማረሚያ ቤት! ቶሎ በለው!" አለች።

"ኮንትራት ነው፣ እናት?"

"ነው! ንዳው ብቻ!"

ሰው ሲቸኩል መንገዱም ያውቃል ልበል? ጭነት መኪናው ተደርድሮ ቆሟል። ባጃጁ በቀኝ ሹልክ ይላል፣ በግራ ይሞክራል፣ ይቆማል። ወርቅነሽ ትደውላለች፣ ይጠራል፣ ይዘጋል። ሳምራ በመጀመሪያው ጊዜ ሐኪም ቤት አልጋ ላይ ሆና እጇን እንዴት ጨምቃ እንደያዘቻት ትዝ አላት። "እማማ፣ ምን በድዬ ነው?" ብላት ነበር ያን ጊዜ። አሁን ያንኑ ብትጠይቃት ምን ልትመልስላት ነው? "አምላኬ፣ ታኩርፈኝ" አለች ጮክ ብላ። "ትቀየመኝ፣ ትጥላኝ፤ ብቻ አትብላው።" ሹፌሩ በመስታወቱ አያትና ጡሩምባውን ሳያቋርጥ ይነፋ ጀመር።

ኪዮስኩ በር ላይ ምሳ ዕቃና ፌስታል የያዙ ሰባት ስምንት ጠያቂዎች ተሰልፈዋል። አምባው ጥላ ሥር አግዳሚ ላይ ተቀምጧል። ሰማያዊው ሳህን ከሳምራ ፊት ባንኮኒው ላይ ነው፤ እንጆሪው ቀልቶ ተቆልሎበታል። ወርቅነሽ ሰልፉን በክርኗ ሰንጥቃ ገባች፣ ሳህኑን መነጨቀች፣ መሬት ላይ ገለበጠችውና በእግሯ ትረግጠው ጀመር።

"በስመ አብ!" አለች ከሰልፉ አንዷ። "እርጉዝ ፊት?"

"በልተሻል?" ወርቅነሽ የሳምራን ትከሻ ያዘች። "አንዲትም ብትሆን፣ በልተሻል? ንገሪኝ!"

ሳምራ ትከሻዋን አስለቀቀች። "አልበላሁም። ጋሽ አምባው በጣም ለመኑኝ። እርስዎ እጄን መትተው የከለከሉኝ ነገር እንዴት ይወርድልኛል፣ እማማ? አልነካሁትም።"

ወርቅነሽ ባንኮኒውን ተደገፈች። ሳምራን ኩርፊያዋ ነው ያተረፋት! እልል ብትል ደስ ባላት።

አሁን እንግዲህ ልብ አድርጉልኝ። ነገሩ እዚህ ላይ ማለቅ ይችል ነበር። ሳምራ አልበላችም፤ እንጆሪው አፈር ላይ ተጨፍልቋል። ሰው ወርቅነሽን ስስታም ይላታል፣ ይበላት። ስስታም መባል በወር በሁለት ወር ይረሳል። መድኃኒት ያልነካው እንጆሪ ግን ስሙ እንደነበረ ይኖራል። ይህን አሰበች። አሰበች ብቻ አይደለም፣ ቀለል አላት። "አዎ፣ ሳስቼ ነው፣ ይቅር በሉኝ" ልትል አፏን ከፈተች።

"አሳፈርሽኝ፣ ወርቄ" አለ አምባው።

ድምፁ ልክ አልመስል አላትና ዞረች። ጥላ ሥር ተቀምጦ ሸሚዙ በላብ ርሷል። በመሐረቡ አፉን ይጠርጋል፤ ምራቁ እንደገና ይመጣል፣ እንደገና ይጠርጋል። በአንድ እጁ ሆዱን ይዟል።

"አምባው" አለች ቀስ ብላ። "አንተ... ቀምሰሃል?"

"ሳልቀምስ ለሰው እሰጣለሁ እንዴ?" ፈገግ ለማለት ሞከረ። "እምቢ ስትለኝ፣ ትመነኝ ብዬ ፊቷ አምስት ስድስት በላሁላት። ቁርስ ሳልበላ በባዶ ሆዴ ስለሆነ ነው መሰለኝ፣ ትንሽ አጥወለወለኝ።"

ወርቅነሽ ጮኸች። ከአፏ የወጣው ዘጠኝ ዓመት ከደነፋችው ሁሉ ይበልጥ ነበር። "መርዝ ነው! ዛሬ ጠዋት ረጭቼዋለሁ! እኔ ነኝ፣ ተደብቄ ረጭቼዋለሁ! ሰውዬዬን ያዙልኝ!"

ሰልፉ ፈረሰ። ምሳ ዕቃ የያዙት ሰዎች ምሳ ዕቃቸውን አስቀምጠው አምባውን አራት ሆነው ተሸክመው ባጃጁ ውስጥ ከተቱት። ከመካከላቸው ሁለቱ የበሰቃ ሰዎች ነበሩ፤ ያለችውን ሁሉ ሰምተዋል፣ አንድም ቃል አላመለጣቸውም። ሳምራ ሆዷን በሁለት እጇ አቅፋ ኪዮስኩ ውስጥ ቆማ ቀረች።

ጤና ጣቢያው በር ላይ ሲደርሱ አምባው አስመለሰው። ነርሷ ዓይኑን ገልጣ በባትሪ አየች፤ ብሌኑ ነጥብ አክሏል። "ምንድን ነው የወሰደው? የመድኃኒቱን ስም!"

"ስም የለውም" አለች ወርቅነሽ።

"ስም የሌለው መድኃኒት አለ እንዴ፣ እናቴ? ማን ሰጠሽ? ደውይ!"

ለኦላና ደወለች። ነርሷ ስልኩን ተቀብላ ድምፁን ከፍ አደረገችው። ኦላና ስሙን ተናገረ፤ ነርሷ ለጓደኛዋ ደግማ ጮኸችው፣ ያቺ መርፌ ፍለጋ ሮጠች።

"እትዬ፣ እዚያው አሉ?" አለ ኦላና በስልኩ። "ስንት ቆርኪ ነው የጨመሩት?"

"ሦስት።"

"ለሃያ ሊትር?"

"ለሁለት ሊትር።"

"ገደሉት እኮ" አለ ኦላና።

ልብሱን አወለቁለት፣ አፉንና እጁን አጠቡት፣ መርፌ ወጉት። ከሩብ ሰዓት በኋላ ደግመው ወጉት። ኮሪደሩ ውስጥ ወንበር ነበረ፣ ወርቅነሽ ግን አልተቀመጠችም። ሰው ሲያልፍ "ምን ሆኖ ነው?" ብሎ ይጠይቃታል፤ ለጠየቃት ሁሉ መለሰች። "እንጆሪዬን ረጭቼ ሳልነግረው" ትላለች። ለጥበቃው ነገረችው፣ ለጽዳት ሠራተኛዋ ነገረቻት፣ ልጇን ለማስከተብ ለመጣች ለማታውቃት ሴት ነገረቻት። ጠዋት አልወጣ ያለው ቃል አሁን አልቆም አላት።

አሥራ አንድ ሰዓት ሲሆን አምባው ዓይኑን ገለጠ። ከንፈሩ ደርቋል።

"ሳምራስ?" አለ።

"አልበላችም።"

"ጎሽ" አለ። "ለእኔ ብትነግሪኝ ምን ነበረበት?"

ያን ጊዜ ነው ያለቀሰችው። እሱም አላባበላትም፤ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ሦስት ቀን ተኝቶ ወጣ። የቀኝ እጁ ግን ዕቃ ሲያነሳ እስከ ዛሬም ትንሽ ይንቀጠቀጣል።

ወርቅነሽ መደቡን በሙሉ ነቀለችው። ጭዱንም አፈሩንም ጠርጋ አወጣች። አዲስ ችግኝ ያገኘችው ከራሷ ነው፤ ዘጠኝ ዓመት በቆርቆሮ እየተከለች ካደለቻቸው ጎረቤቶች አንድ አንድ ሐረግ እየለመነች። የሰጧት አሉ፤ "የእኛ መድኃኒት አያውቅም" እያሉ ያሾፉባትም አሉ። ከሁሉም ተቀበለች። ክሽክሽ ሲታያት አሁን በየማለዳው ቅጠሉን እየገለበጠች በጣቷ ትለቅማለች።

ሳምራ በሚያዝያ ሴት ልጅ ወለደች። ሁለት ወር ሊሞላት ሲል፣ ሰኔ መግቢያ ላይ፣ ልጅቷን ታቅፋ ለመጀመሪያ ጊዜ ወደ ግቢው ገባች። ከዚያ ቀን ወዲህ ረግጣው አታውቅም ነበር። አምባው ወንበር ሳበላት። ወርቅነሽ ልጅቷን አየች፣ ጉንጯን አየች፣ አንገቷን አየች፤ ምንም ምልክት የለባትም። ከዚያ ጓሮ ገብታ የበሰለውን ለቀመች፣ ሳምራ በምታይበት ቦታ በንጹሕ ውኃ ሦስት ጊዜ አጠበች፣ በሰማያዊው ሳህን አቀረበች።

ሳምራ ሳህኑን አየችው። እጇን አልዘረጋችም።

አምባው እንደ ልማዱ የሚንቀጠቀጥ እጁን ወደ ሳህኑ ሰደደ። ወርቅነሽ ያዘችው። "ተው" አለችው። "ከእንግዲህ የምቀምሰው እኔ ነኝ።" አንዷን አንስታ ጎረሰች፣ አኘከች፣ ዋጠች። ሳምራ ጉሮሮዋን እያየች ነበር። ልጅቷ እቅፏ ውስጥ እንቅልፍ ይዟታል።

"እማማ ወርቄ" አለች ሳምራ፣ በቀስታ፣ በአክብሮት። "አንድ ይድገሙ።"

ወርቅነሽ ፊቷ ጋለ። አንድ ሌላ አነሳች፤ ትልቁን። በላችው። ከዚያ ሳምራ ልጅቷን ወደ ግራ ክንዷ አዞረችና እጇን ወደ ሳህኑ ዘረጋች።